ባዶ ነው ያለው ደብተር

የመምህር ዳኘው ተዝካር የወጣ ዕለት፣ ካህናቱ ፍትሐቱን አድርሰው ሕዝቡ ገና ማዕድ ሳይቀርብለት፣ የእድሩ ሳጥን ሰው ሁሉ እያየ ተከፈተ። ሦስት ጓጉንቸር ቁልፍ ነበረበት። የአንዱ መክፈቻ ከእድሩ ዳኛ ከአቶ ቢሆነኝ የደረት ኪስ ወጣ፣ የሁለተኛው ከጸሐፊው ከይታገሱ አንገት ላይ ወረደ፣ የሦስተኛው ከሟች ባለቤት ከወይዘሮ ደስታነሽ መቀነት ጫፍ ተፈታ። ቡሬ ከተማ ውስጥ ይህን ቀን ያልጠበቀ ሰው አልነበረም ማለት ይቻላል።

ሳጥኑ ውስጥ በአቡጀዲ የተጠቀለለ፣ በሰም የታተመ ደብተር ነበር። ሰሙ እንዳለ ነው፤ ክሩም አልተነካም። መምህሩ ከመሞታቸው በፊት "ሃያ ሁለት ዓመት የጻፍሁት ነው፤ በአርባዬ ሰው ፊት ይነበብ፤ እስከዚያ ማንም እንዳያየው" ብለው ተናዘው ነበር። አቶ ቢሆነኝ ጉሮሯቸውን ጠርገው ጥቁሩን ሽፋን ገለጡ። የመጀመሪያው ገጽ ላይ አንድ መስመር ተጽፏል። እጁ የመምህሩ ነው፤ ከዚያ እጅ ሒሳብ ያልተማረ ሰው በከተማው ጥቂት ስለሆነ ማንም አይስተውም።

"ይህ ደብተር ባዶ ነው።"

ሁለተኛውን ገጽ ገለጡ፤ ነጭ። ሦስተኛውም ነጭ። እስከ መጨረሻው ገለጡት፤ አንዲት ነጥብ እንኳ የለችበትም። ከዳሱ ኋላ አንድ ሰው "በላው፤ ቃላቸው ጽሕፈታቸውን በላው" አለ፤ ሰዉ ማማተብ የጀመረው ያን ጊዜ ነው።

ይህን ያለው ሰው ሞኝ አልነበረም። መምህር ዳኘው ዕድሜ ልካቸውን ሒሳብ አስተምረው ጡረታ ከወጡ በኋላ አንድ ነገር ይዘው ነበር፤ "ቀለበት ቃል" ይሉታል። ስለ ራሱ የሚናገር፣ ዞሮ ራሱ ላይ የሚገጥም ቃል ማለታቸው ነው። "ነገ ጨው ከገበያ ይጠፋል" ቢባል ሰሚው ሁሉ ዛሬውኑ ይገዛና ጨው ይጠፋል፤ ቃሉ ራሱን እውነት አደረገ። እስከዚህ ድረስ ማንም ይስማማል። እሳቸው ግን ከዚያም ያልፋሉ። ቃሉ በበቂ ሰው ጆሮ ከገባ ሰው ብቻ ሳይሆን ዓለም ራሷ ትጎብጥለታለች፤ ዓለም እርስ በርሱ የሚጣላ ነገር ይዛ ማደር አይሆንላትም፤ ይላሉ። እንግዲህ "ባዶ ነው" የሚል ጽሑፍ ያለበት ደብተር ባዶ አይደለም፣ ጽሑፍ አለበታ። ታዲያ ዓለም ምን ታድርግ? የተቻላትን ያህል ባዶ አደረገችው። የቡሬ ሰው የደረሰበት መደምደሚያ ይህ ነው።

ሁለት ቀን ሙሉ ሲደነቅ ሰነበተ። በሦስተኛው ቀን አንዱ "ለመሆኑ ቁልፎቹን የሠራው ማነው?" ብሎ ጠየቀ። ከዚያ ወዲያ መደነቁ ቀረና ቁልፍ ሠሪው ሀምዱ ታሰሩ።

*

ኢንስፔክተር ያምሮት ወንዳወቅ መዝገቡን ፍኖተ ሰላም ቢሮዋ ውስጥ ሁለት ጊዜ አነበበችው። አለቃዋ ኮማንደር ዘሩ በሩ ላይ ተደግፈው ይጠብቃሉ።

"የሳቸው ተማሪ ነበርሽ አሉ" አሏት።

"ሰባተኛና ስምንተኛን ያስተማሩኝ እሳቸው ናቸው።"

"ምን ዓይነት ሰው ነበሩ?"

ያምሮት መዝገቡን ከደነች። "ጠዋት ጠዋት ሰሌዳው ላይ አንድ ስሕተት ይጽፋሉ። ያየ ሰው እጅ ሳያወጣ፣ ሳይፈቀድለት ተነሥቶ ጠመኔ ይዞ ያርማል። ያላየው ስሕተቱን ሲገለብጥ ይውላል። ስሕተት አይቶ ከተቀመጠ ግን ወዮለት፤ ከማያውቅ ይልቅ እያወቀ ዝም የሚልን ነበር የሚቀጡት።"

"አንቺስ ስንቴ ተነሣሽ?"

"የተቀመጥሁበትን ቀን አላስታውስም" አለች፤ ኩራቷን ለመደበቅም አልሞከረች።

ኮማንደሩ ፈገግ አሉ፤ ፈገግታው ግን ወዲያው ጠፋ። "ነገ ቅዳሜ ነው። ሰኞ ጠዋት ሦስት ሰዓት ሽማግሌው ፍርድ ቤት ይቀርባሉ። ችግሩ ራሳቸውን የሚያስሩት ራሳቸው ናቸው። 'እኔ የሠራሁት ቁልፍ ያለ መክፈቻው አይከፈትም' ብለው ፈርመዋል። ያለ መክፈቻው ካልተከፈተ፣ ሦስቱ መክፈቻዎችም ካልተገናኙ፣ ሌላ መክፈቻ ሊያወጣ የሚችል አንድ ሰው ብቻ ነው የሚቀረው። 'በሽቦም ሊከፈት ይችላል' የምትል አንዲት መስመር ቢጨምሩልኝ ዛሬውኑ በዋስ እለቃቸው ነበር።"

"አይሉም?"

"ሞተው ነው።"

*

ቅዳሜ በጠዋት በፖሊስ ፒካፕ ማንኩሳን አልፋ ቡሬ ገባች። በርበሬው ደርሶ በየጓሮው ተሰጥቷል፤ ሹፌሩ ሦስት ጊዜ አስነጠሰው። ጣቢያው ስትደርስ የሀምዱ ልጅ ሳቢሃ የምሳ ዕቃ ይዛ አባቷ ፊት ቆማለች። ምሳ ዕቃው አልተከፈተም።

ሀምዱ ስድሳውን ያለፉ፣ ጣቶቻቸው በእሳትና በሞረድ የተበሉ ሰው ናቸው። ያምሮት አግዳሚው ላይ አጠገባቸው ተቀመጠች።

"ጋሽ ሀምዱ፣ ቁልፍ ሲሠሩ መክፈቻውን ስንት ያወጣሉ?"

"አንድ። ቅርጹን የወሰድሁበትን ሰም ባለቤቱ እያየ እሳት ላይ እጥለዋለሁ። አባቴም እንዲሁ ነበር የሚያደርግ። መክፈቻው የጠፋበት ሰው ቢመጣ ቁልፉን ሰብሬ አዲስ እሠራለታለሁ እንጅ ሁለተኛ መክፈቻ አላወጣም።"

"የእድሩንም እንዲሁ?"

"ቢሆነኝ አለ፣ ይታገሱ አለ፣ ዳኘውም ራሱ ነበር። ሰሙ ሲነድ ቆመው አይተዋል።"

"ሌላ ሰው በሽቦ፣ በምስማር ሊከፍተው አይችልም?"

"አይችልም።"

"ይህ ቃል አንቱን ነው የሚያስረው።"

"አጣሁት እንዴ" አሉ ሀምዱ። "ቁልፌ ጥሩ ነው ካልሁ ሌባ ነኝ። ሌባ አይደለሁም ካልሁ ቁልፌ መናኛ ነው። ዳኘው ነፍሱን ይማረውና፣ ይህን ቢሰማ ከት ብሎ ይስቅ ነበር።"

ሳቢሃ አላስቻላትም። "አባ፣ አንዲት መስመር ናት። ፈርመው ይውጡና ከዚያ ወዲያ ያሻዎትን ይበሉ።"

"አንዲት መስመር?" ሽማግሌው ወደ ልጃቸው ዞሩ። "ቡሬ ላይ ስንት በር ነው በእኔ ቁልፍ ተዘግቶ የሚያድር? ማንኩሳስ? እስከ ግሽ ዓባይ ድረስ ስንቱ ጎተራ? አንቺ መስመር ትያለሽ፤ እኔ የምፈርመው የሁሉንም በር መክፈቻ ነው። አርባ ዓመት ሰው ተኝቶ ያደረው ስሜን አምኖ ነው።"

ልጅቱ አንገቷን ደፋች። ያምሮት ይህን የመሰለ ሰው አገሯ ስላበቀለ ኮራች፤ ይህን የመሰለ ሰው ሰኞ እጁ ታስሮ ችሎት ሊቆም ስለሆነ ደግሞ ተናደደች።

"ሁለቱንም ልበልሽ" አሉ ሀምዱ ቀስ ብለው። "ቁልፌ ጥሩ ነው። ሌባም አይደለሁም። ይህን የሚጽፍ ፖሊስ ካለ እፈርማለሁ።"

"ሁለቱም ባንድ ላይ እውነት የሚሆንበት መንገድ ካለ አገኘዋለሁ" አለችና ተነሣች።

*

መጀመሪያ መክፈቻዎቹን ተከተለች። አቶ ቢሆነኝ ከቀብሩ በኋላ ወገባቸውን አሟቸው ግሽ ዓባይ ጠበል ሰንብተዋል፤ መክፈቻው ከኪሳቸው አልወጣም፤ አብረዋቸው የነበሩ ሦስት ጠበልተኞች መስክረዋል። ይታገሱ ደግሞ ያን ሰሞን ፈረስ ቤት አጎቴ ዘንድ ነበርሁ ብሏል። ያምሮት ለአጎትየው ስልክ ደወለችላቸው። "ይታገሱን? ከፋሲካ ወዲህ ዓይኑንም አላየሁት" አሏት።

ልጁን ከእድሩ ቤት አስጠራችው። ሃያ ስድስት ዓመቱ ነው፤ መክፈቻውን እንደ ማተብ አንገቱ ላይ አስሮታል።

"ፈረስ ቤት አልነበርህም።"

ይታገሱ በሩን ዞሮ አየ። "ወይ ጉድ። አጎቴ ነው የነገረሽ?"

"የት ነበርህ?"

"ዱርቤቴ።"

"ዱርቤቴ ምን አለህ?"

"ልጅት አለች። ሽማግሌ ገና አልላክሁም፤ ለእናቴም አልነገርሁ። እባክሽ ይህ መዝገብ ላይ እንዳይሰፍር፤ ወንድሞቿ በቁሜ ነው የሚቀብሩኝ።" ስልኩን አውጥቶ ፎቶ አሳያት። ከአንዲት ሳቂታ ልጅ ጋር ቆሟል፤ ቀኑ አለ፤ መክፈቻውም አንገቱ ላይ ተንጠልጥሏል። ያምሮት ሳትወድ ሳቀች። በቀኑ ውስጥ ከያዘቻቸው ክሮች ሁሉ ወፍራሙ እዚያው ላይ ተበጠሰ።

ናሁሰናይን ያገኘችው ከመምህሩ መቃብር አጠገብ ነው። ባልንጀራዋ ነበር፤ ሰባተኛና ስምንተኛን አንድ አግዳሚ ላይ ተቀምጠዋል። አሁን ባሕር ዳር ኮሌጅ ያስተምራል። ከቀብሩ ማግስት ሄዶ የተመለሰው ለተዝካሩ ነው፤ የሚፈርምበት የኮሌጁ መዝገብ አርባውንም ቀን ይመሰክርለታል። በዚህ ጉዳይ ከሰማችው ውሎ ሁሉ የጠነከረው የእሱ ነው።

"ደብተሩን አንብበኸው ታውቃለህ?"

"ማን ያሳየኛል? ለራሳቸው ጥላ እንኳ አላሳዩትም" አለ ናሁሰናይ። "ስንቴ ለመንኋቸው መሰለሽ። 'በአርባዬ' ይሉኛል።"

"ጽሕፈቱ ራሱን በላ ይላሉ ሰዎች።"

"ይበሉ እንግዲህ። ገበሬ ሲደነቅ ደስ ይለዋል።"

ያምሮት ይህን አነጋገር አልወደደችለትም። የሱም አባት በሰንበት እንኳ ጭቃ ከእግራቸው ሳይለቅ የኖሩ ገበሬ እንደነበሩ ልታስታውሰው ፈልጋ ተወችው።

*

ደብተሩን ጣቢያው መስኮት አጠገብ ወስዳ ፀሐይ አስመታችው። ቀጥ አድርጋ አይደለም፤ አጋድማ ነው የያዘችው። በእስክሪብቶ የተጻፈበት ወረቀት ቀለሙ ቢጠፋ እንኳ የጫፉ ርጋጭ፣ ተጭኖ የሄደበት መስመር፣ ይቀራል፤ ያለፈው ገጽ ላይ የተጫነ እጅ የሚቀጥለውንም ያጎደጉዳል። መምህር ዳኘው ደግሞ ሲጽፉ ጠረጴዛ የሚያስጮኹ ሰው ነበሩ። አንደኛው ገጽ ላይ የዚያች የአንዲት መስመር ርጋጭ አለ፤ ሁለተኛውም ላይ ደብዛዛው ወርዷል። ከሦስተኛው ጀምሮ ግን ወረቀቱ ልሙጥና ለስላሳ ነው።

ያ ማለት ከደብተሩ ጽሕፈቱ አልጠፋም፤ መጀመሪያውኑ አልተጻፈበትም። ሃያ ሁለት ዓመት የተጻፈበት ሌላ ደብተር አለ ማለት ነው።

ወይዘሮ ደስታነሽን ያገኘቻቸው ጓሯቸው በርበሬ ሲቀነጥሱ ነው። ያምሮት ቁና ደፍታ አጠገባቸው ተቀመጠችና አብራ መቀንጠስ ጀመረች።

"እትዬ ደስታነሽ፣ መምህር እንዲህ ያለ ጥቁር ደብተር ስንት ነበራቸው?"

"ሁለት" አሉ ሴትዮዋ ቀና ሳይሉ። "ባንድ ቀን ነው የገዛቸው። አንዱ የሚጽፍበት፣ አንዱ ለዚያ ለቀለበት ቃሉ ማስተማሪያ አንዲት መስመር ጭሮ የተወው።"

የያምሮት እጅ ቆመ። "ይህን ለፖሊስ ተናግረዋል?"

"ማን ጠየቀኝ? ቁልፌን ጠየቁኝ፤ የዋልሁበትን ጠየቁኝ። ደብተሩን የጠየቀኝ የለም። ፊደል አልቆጠረችም ብለው ነው።"

"ታዲያ ሁለቱን በምን ይለያሉ?"

"በምን እለያለሁ፤ የሚጽፍበት ወፍሯላ። ብዙ የተጻፈበት ወረቀት ይነፋል። ሃያ ሁለት ዓመት አቧራውን ያራገፍሁት እኔ ነኝ።"

"ሳጥኑ ውስጥ ሲገባ የትኛው ነበር?"

ወይዘሮ ደስታነሽ በዚህ ጊዜ ቀና አሉ። "እሱን አላየሁም፤ ሲጠቀለል እኔ መሬት ወድቄ ነበር። ለለቅሶው አውጥቼ የሰጠሁት ግን ወፍራሙን ነው። ጀግና ሲሞት ጠመንጃው ተይዞ ይለቀስለት የለም? የዳኘው ጠመንጃ ያ ደብተር ነው። ይያዝለት አልሁ። ከክቡ መሀል ከፍ አድርገው እየያዙ አለቀሱለት።"

"እነማን ያዙት?"

"ተማሪዎቹ ናቸው። ቢሆነኝ ያዘው፣ ይታገሱ ያዘው፣ ናሁሰናይ ያዘው። ሙሾው ሲበርድ እዚያው ተጠቅልሎ ታተመ። መጨረሻ ላይ በማን እጅ እንደነበር አትጠይቂኝ፤ እንባ ዓይኔን ጋርዶት ነበር።"

"ሌላው ደብተርስ?"

"መደርደሪያው ላይ ነበር። ከለቅሶው ወዲህ አጣሁት።"

ያምሮት የያዘችውን በርበሬ አስቀምጣ አሰበች። እነሆ ሁሉም ሰው አርባ ቀን ሙሉ የት እንደነበረ ሲጠየቅ ሰንብቷል። መጠየቅ የነበረበት ግን ከአርባው ቀን በፊት ስላለችው አንዲት ሰዓት ነበር። ሦስቱም እንደ ለቀስተኛ ጋቢ ለብሰው ነበር፤ ጋቢ ሥር አንድ ደብተር ገብቶ ሌላው ሲወጣ ማን ያያል? ማንስ በለቅሶ መሀል የሰው እጅ ይጠብቃል? ሦስት ሰዎች ናቸው፣ ሦስቱም የመምህሩ ልጆች፤ ከሦስቱ ማን እንደሆነ የሚመሰክር ዓይን የለም።

ዓይን ከሌለ ሌላ ነገር መፈለግ ነበረባት። ሰሌዳው ትዝ ያላት እዚያ በርበሬው ላይ ነው።

*

በማግስቱ እሑድ ከቅዳሴ በኋላ፣ መምህሩ ያስተምሩበት የነበረውን ክፍል አስከፍታ ሰባት ሰዎች አስቀመጠች። ኮማንደር ዘሩ ከፍኖተ ሰላም መጥተዋል። ሀምዱን ያጀባቸው ፖሊስ ደጅ ቀርቶ እሳቸው ገቡ፤ ሳቢሃም ተከትላቸው። ወይዘሮ ደስታነሽ በሩ አጠገብ፣ ቢሆነኝ፣ ይታገሱና ናሁሰናይ ፊት ለፊት ተቀመጡ። አግዳሚዎቹ ለልጆች የተሠሩ ናቸው፤ የአቶ ቢሆነኝ ጉልበት አገጫቸው ደረሰ።

ያምሮት ሰሌዳው ፊት ቆመች። "ደብተሩን የወሰደው ሰው ዛሬ እዚህ ክፍል ውስጥ በገዛ አፉ ይነግረናል" አለች።

ኮማንደሩ ሳል አስመስለው ሳቃቸውን ዋጡ። "እስቲ እናያለን። እኔ በሃያ ስምንት ዓመት አገልግሎት እንዲህ ያለ ሌባ አልገጠመኝም።"

"እኔም በቃል አላምንም" አሉ ሀምዱ። "በብረት ነው የማምነው።"

ናሁሰናይ እግሩን አነባበረ። "ያምሮት፣ ቃል ሰው አይዝም። ቀልዱን ተይና ወደ ሥራሽ ግቢ።"

ሌሎቹ ጆሯቸውን ሰጡ። ወይዘሮ ደስታነሽ ከንፈራቸውን አንቀሳቀሱ፤ ጸሎት ይሆናል።

"መምህር ቤት አንዲት ብጣሽ ወረቀት ተገኝታለች" አለች ያምሮት። "ከሐሳባቸው የቀረችው ይቺ ብቻ ናት። ለመዝገብ እንድትሆን እዚህ እጽፋታለሁ።" ጠመኔ አንሥታ በትልልቁ ጻፈች፤ ጮክ ብላም አነበበች።

"ቀለበት ቃል የሚፈጸመው ሦስት ሰው ሲሰማውና ሦስቱም ሲያምኑበት ነው።"

ከዚያ ሄዳ ድሮ ትቀመጥበት የነበረ አግዳሚ ላይ ቁጭ አለች። ምንም አልጨመረችም።

አቶ ቢሆነኝ ራሳቸውን በአድናቆት ነቀነቁ። "ጥልቅ ነው፤ ጥልቅ ነው" አሉ። ይታገሱ ማስታወሻ አውጥቶ ይገለብጥ ጀመር። ናሁሰናይ ሰሌዳውን አየ፣ መስኮቱን አየ፣ ተመልሶ ሰሌዳውን አየ። ጉልበቱ ይንቀጠቀጥ ጀመር። ያምሮት ያን ጉልበት ታውቀዋለች፤ ሁለት ዓመት ሙሉ አጠገቧ ሲንቀጠቀጥ ኖሯል። ማን ቀድሞ ይነሣል እያሉ ነበር ሁለቱ ያደጉት።

ደቂቃ አለፈ። ኮማንደሩ ሰዓታቸውን አዩ። ኋላ ናሁሰናይ "ኧረ እባክሽ" አለና ተነሣ። እጅ አላወጣም፣ አልተፈቀደለትም። ጠመኔውን ይዞ "ሦስት" የሚለውን ሰርዞ ከላዩ ሰባት ብሎ ጻፈ።

"ሰባት ነው። ሰባት ሰው ሲሰማው። 'ሦስቱም ሲያምኑበት' የሚባል ነገርም የለም፤ ተቃራኒው ነው፤ ከሰባቱ ሦስቱ ሳያምኑበት ሲቀሩ ነው። ሁሉ ካመነ ቃሉ የሚታገለው ነገር ያጣል፤ ማንም ካላመነ ደግሞ የሚሸከመው ሰው ያጣል። የሐሳቡ ውበት ሁሉ እዚህ ላይ ነው እኮ፤ እንዴት ይህን…"

እዚያ ላይ ቆመ። ጠመኔው እጁ ላይ ነው።

"ያን ወረቀት የጻፍሁት እኔ ነኝ" አለች ያምሮት ከአግዳሚዋ ሳትነሣ። "ዛሬ ጠዋት፣ ከራሴ ፈጥሬ። ሰባቱን ከየት አመጣኸው፣ ናሁሰናይ?"

ናሁሰናይ ሰሌዳውን ዞሮ አየው፤ የገዛ እጁን ጽሕፈት። ከዚያ እንደ ተማሪ ልጅ ጠመኔውን መልሶ ቦታው ላይ አኖረው። "ሻንጣዬ ውስጥ ነው" አለ። "አንድም ገጽ አልጎደለበትም።"

"ለምን?" አሉ ወይዘሮ ደስታነሽ።

"እትዬ፣ እንዲጠፋ አይደለም። በለቅሶው ስይዘው ከፈትሁት። ሦስት ገጽ ነው ያነበብሁት፤ ከዚያ ወዲያ መመለስ አቃተኝ፣ በመደርደሪያው ደብተር ለወጥሁት። ይህ ሐሳብ ቡሬ ላይ በእድር ሳጥን ተቆልፎ፣ አንድ ቀን ተነቦ ሊረሳ ነው አልሁ። የገጠር አስተማሪ ጻፈው ቢባል ማን ይሰማል? በእኔ ስም ቢወጣ ግን…"

"በሱ ስም ቢወጣ ያልሰማው ይፈር" አሉ ሴትዮዋ። ድምፃቸው አልጨመረም። "አንተን ቁጥር ያስቆጠረህ ያ የገጠር አስተማሪ ነው። እዚህ ክፍል ውስጥ ነው ያስቆጠረህ። እኔ መሃይሟ ሃያ ሁለት ዓመት በስሙ ኮርቼ ኖርሁ፤ አንተ የተማርኸው እንዴት አቃተህ?"

ናሁሰናይ ወደ ሀምዱ ዞረ፤ ዓይናቸውን ማየት ግን አልቻለም። "ጋሽ ሀምዱ፣ ሰው ይታሰራል ብዬ አልገመትሁም። ሰው ቃሉን ያማል እንጅ አንቱን ያማል አላልሁም።"

ሀምዱ እሱን ትተው ወደ ያምሮት አዩ። "ቁልፌስ?"

ያምሮት ይህን ጊዜ ተነሥታ ቀጥ ብላ ቆመች። "ቁልፍዎ ጥሩ ነው፣ ጋሽ ሀምዱ። ሌባም አይደሉም። ሌብነቱ ያለቀው ቁልፉ ሳይቆለፍ ነው። አንቱ የሠሩት ቁልፍ አርባ ቀን ሙሉ ባዶ ደብተር በሚገባ ጠብቋል። ኮማንደር፣ እንዲሁ ይጻፍልኝ፤ ሁለቱም ባንድ ገጽ ላይ።"

ኮማንደሩ ጻፉ። ሀምዱ ጽሑፉን ተቀብለው ሁለቴ አነበቡት፣ ፈረሙም። ከዚያ ለልጃቸው "ያን ምሳ ዕቃ አምጪው" አሏት፤ እዚያው አግዳሚው ላይ ተቀምጠው ከሦስት ቀን በኋላ ለመጀመሪያ ጊዜ በሉ።

*

በሳምንቱ የመምህሩ ደብተር በእድሩ ቤት ደጃፍ ተነበበ። ከማንኩሳ፣ ከፍኖተ ሰላም ሳይቀር ሰው መጥቷል። ወይዘሮ ደስታነሽ "አንቺ አንብቢው" ብለው ወፍራሙን ደብተር ያምሮት እጅ ላይ አኖሩት። ሦስት ሰዓት ሙሉ አነበበች። የጨው ወሬ አለበት፣ የበርበሬ ገበያ አለበት፣ አንድ ዓመት ብር ሸለቆ ላይ ዝናብ ይቀራል ተብሎ የሆነው ሁሉ በቀንና በስም ተጽፏል። ሁሉ የገባው ሰው አልነበረም፤ ሁሉም ግን ደረቱን ነፍቶ ነው ያዳመጠው። ከዚህ አፈር የወጣ ሐሳብ ነውና እንዴት አይነፋ።

የመጨረሻው ገጽ ላይ ስትደርስ ንባቧን አቋረጠች። ውኃ አምጡላት አሉ። እሷ ግን ውኃ አልፈለገችም፤ መስመሩን ለብቻዋ ዳግመኛ አነበበችው፤ ከዚያ ለሕዝቡ አነበበችው።

"ይህ ደብተር ከቦታው ቢነሣ ያነሣው ሰው በገዛ አፉ ይናገራል። ይህንም ቃል ሰባት ሰው ይሰማዋል። ሦስቱ አያምኑበትም፤ ከሦስቱ አንዱ ያው ያነሣው ሰው ነው።"

ያምሮት በሐሳቧ ወደዚያ ክፍል ተመለሰችና ቆጠረች። ዘሩ፣ ሀምዱ፣ ሳቢሃ፣ ደስታነሽ፣ ቢሆነኝ፣ ይታገሱ፣ ናሁሰናይ። ሰባት። ስትጠራቸው ቁጥሩን አላሰበችውም። ያላመኑትንም ቆጠረች፤ ኮማንደሩ ሳቃቸውን ሲውጡ፣ ሀምዱ በብረት ሲምሉ፣ ናሁሰናይ እግሩን ሲያነባብር ታየት። እሱ ይህን ገጽ አንብቦታል። አንብቦ አላመነበትም፤ ቃሉ እንዲፈጸም የጎደለው ደግሞ የእሱ አለማመን ነበር። ወጥመዱን የዘረጋሁት እኔ ነኝ ብላ ሳምንቱን ሙሉ ስትኮራ ሰንብታለች። አሁንም ኮራች፤ በሌላ ሰው።

ሕዝቡ ሲበተን ሀምዱ ሳጥኑ ላይ ሦስቱን ቁልፎች መልሰው እየገጠሙ አገኘቻቸው። አንድ በአንድ ይጎትቷቸዋል፣ ጆሮ ሰጥተው ጠቅታቸውን ያዳምጣሉ።

"ጋሽ ሀምዱ፣ የመጨረሻውን ገጽ ሰሙት?"

"ሰማሁት።"

"ታዲያ?"

"እኔ አሁንም አላምንበትም" አሉ ሽማግሌው፤ ሦስተኛውን ቁልፍ ጠቅ አደረጉ።

"አደራዎን እንዳያምኑ" አለች ያምሮት። "አንቱ ካመኑ ሁለት ብቻ ነው የሚቀሩን።"